ድመቱ ማታ ወጥቶ ንጋት ላይ ይገባል፤ የት እንደሚያድር በምን ይታወቃል?

የድመቱ እህት

ሰላም ለሁላችሁ። ወንድ ድመት ነው፤ ሁለት ዓመት አልፎታል፣ 4 ኪሎ ይመዝናል፣ አልተኮላሸም። ሰፈሩ አዲስ አበባ፣ ግቢና ግቢ በቆርቆሮ አጥር የተያያዘበት፣ ጣሪያ ከጣሪያ የሚነካካበት ዓይነት ነው። ምሽት 1 ሰዓት ላይ ይወጣል፣ ንጋት 11 ሰዓት ተኩል ሲሆን መስኮቱን ይቧጥጣል። ጠዋት የቀረበለትን አሽትቶ ትቶት ይተኛል።

ጂፒኤስ ያለው የአንገት ማሰሪያ ከውጭ ማስመጣት ይቻላል። የትኛው ዓይነት ይሻላል? እዚህ አገር ይሠራል? አንገቱን አይጎዳውም? ያለ ዕቃ የሚሞከር ነገር ካለም ብትነግሩኝ ደስ ይለኛል።

ቆርቆሮ ክዳን

ሰላም እህቴ። «የድመት ጂፒኤስ» እየተባለ የሚሸጠው ሦስት የተለያየ ነገር ነው፤ ሳይለዩ ማስላክ ገንዘብ ያስበላል።

አንደኛው ሲም ካርድ ያለው ነው። ያለበትን በጂፒኤስ አውቆ በሞባይል መረብ ወደ ስልክሽ ይልካል። ብዙዎቹ ግን ሲሙ ከፋብሪካ ውስጡ የተቀበረ፣ በወር ክፍያ የሚሠሩ ናቸው። ኩባንያው በአገልግሎት ዝርዝሩ ውስጥ ኢትዮጵያን ካላስገባ ዕቃው እዚህ ሲደርስ ጌጥ ነው የሚሆነው። የራስሽን ሲም የሚቀበል ካልሆነ ይቅርብሽ። ሁለተኛው እንደ ኤርታግ (ቁልፍ እንዳይጠፋ የሚንጠለጠል የአፕል ዕቃ) ያለው ክብ ነገር ነው። 11 ግራም ብቻ ስለሆነ ያጓጓል፤ ግን ውስጡ ጂፒኤስ የለም። ቦታውን የሚናገርለት በአጠገቡ የሚገኝ የሌላ ሰው አይፎን ነው። ለንደን ወይም ዋሽንግተን ላይ ከየግድግዳው ጀርባ አይፎን አለ፤ እዚህ ሌሊት 8 ሰዓት ላይ በየጓሮው አይፎን ከየት ይመጣል? ሦስተኛው መዝጋቢው ነው። ለማንም ምንም አይልክም፤ ያለበትን በየተወሰነ ደቂቃ ይጽፋል፣ ጠዋት ከኮምፒውተር ጋር አገናኝተሽ ታወርጃለሽ። 20 ግራም ገደማ የሚመዝን ይገኛል፣ ወርሃዊ ክፍያም የለበትም። ድመቱ ቢጠፋ አይፈልግልሽም፤ ላቀረብሽው ጥያቄ ግን የሚበቃው እሱ ነው።

ክብደቱ ከነማሰሪያው፣ ከነባትሪው ከድመቱ ክብደት 2 ከመቶ አይለፍ። ለ4 ኪሎ ድመት 80 ግራም ማለት ነው፤ ከ50 በታች ከሆነ ይመረጣል። ከዚህ ሲከብድ ድመቱ አካሄዱን ይቀይራል፤ አንቺም የምታዪው የሱን ሌሊት ሳይሆን ዕቃ የተሸከመ ድመት ሌሊት ይሆናል።

ማሰሪያው ሲጎተት መቆለፊያው በራሱ የሚከፈት መሆን አለበት። የቆርቆሮ ጫፍ፣ የሽቦ ቁራጭ፣ የዛፍ ቅርንጫፍ በሞላበት ሰፈር የማይከፈት ማሰሪያ ማሰር ገመድ ማጥለቅ ነው። በላስቲክ የሚለጠጠው ምትክ አይሆንም፤ ድመቱ የፊት እግሩን ያሾልክበትና ብብቱ ሥር እየቆረጠው ይከርማል። ልኩ ሁለት ጣት በጠባቡ የሚያስገባ ነው። ሰዎች አዝነው ያላሉታል፤ የላላው ነው የታችኛውን መንጋጋ የሚይዘው።

ማልመዱ ሦስት አራት ቀን ይፈጃል። መጀመሪያ ባዶውን ማሰሪያ ምግብ ሲበላ ለ15 ደቂቃ፣ በማግስቱ ለግማሽ ቀን፣ ቀጥሎ የዕቃውን ክብደት የሚያህል ሳንቲም በጨርቅ ጠቅልለሽ ሰፍተሽበት። ወደኋላ የሚሄድ ወይም መሬት ላይ ተለጥፎ አልነሳም የሚል ከሆነ ፈትተሽ ከባዶው እንደገና ጀምሪ።

ብዙ ሰው የሚዘለው ነገር ደግሞ ይኸውልሽ። ዕቃውን ድመቱ ላይ ከማሰርሽ በፊት ድመቱ በሚተኛበት መስኮት ላይ 24 ሰዓት ሳትነኪው አስቀምጪው። ያልተንቀሳቀሰው ዕቃ ካርታው ላይ አንድ ነጥብ ሳይሆን የነጥብ መንጋ ይሠራል። ክፍት ሜዳ ላይ ከ5 እስከ 10 ሜትር ይስታል፤ ቆርቆሮ ጣሪያና ግድግዳ አጠገብ ግን ሞገዱ እየነጠረ ስለሚመጣ 40 ሜትርም ሊስት ይችላል። የመንጋው ስፋት የዕቃሽ ውሸት ልክ ነው። ድመቱ «ጎረቤት ሄደ» የሚለው ነጥብ ከዚያ ስፋት ውስጥ ከሆነ የትም ላይሄድ ይችላል።

ርቀቱን ለመለካት ሶፍትዌር አያስፈልግም። አዲስ አበባ ለምድር ወገብ ቅርብ ስለሆነች በኬክሮስም በኬንትሮስም 0.001 ዲግሪ 110 ሜትር ገደማ ነው፤ 0.0001 ደግሞ 11 ሜትር። በኤክሴል መቀነስ ብቻ ይበቃል።

ሰዓቱ ላይ ተጠንቀቂ። መዝጋቢው በዩቲሲ (በዓለም መነሻ ሰዓት) ነው የሚጽፈው። ሰው 3 ጨምሮ የፈረንጅ ያወጣና ከዚያ 6 ይቀንሳል፤ አቋራጩ በቀጥታ 3 መቀነስ ነው። 15:00 የሚለው ከምሽቱ 12 ሰዓት፣ 00:00 የሚለው (12 ብለሽ ቁጠሪው) ሌሊት 9 ሰዓት ይሆናል። ስለዚህ የማሽኑ ቀን የሚገለበጠው ሌሊት 9 ሰዓት ላይ ነው። አንድ ሌሊት በሁለት ፋይል ተቆርጦ ሲመጣ «ድመቱ 9 ሰዓት ላይ ጠፋ» ብለሽ እንዳትደነግጪ፤ ሁለቱን ቀጥያቸው።

በየ3 ደቂቃው እንዲጽፍ አድርጊው። በየ10 ሴኮንዱ ካደረግሽው ባትሪው እኩለ ሌሊት ሳይደርስ ሊያልቅ ይችላል፤ በየ15 ደቂቃው ከሆነ ደግሞ ሦስት አጥር ተሻግሮ የተመለሰበት አይታይሽም።

ወረቀት ይቅደም

ከላይ የተባለው ሁሉ ልክ ነው፤ ዕቃው እስኪመጣ ግን ወር መጠበቅ የለባትም። ጥያቄው «ሌላ ቤት ይበላል ወይ?» ከሆነ በአምስት ሳንቲም ይመለሳል።

ከደብተር ወረቀት 2 ሴንቲ ሜትር ስፋት፣ 30 ሴንቲ ሜትር ርዝመት ያለው ቁራጭ ቅደጂ። «ይህ ድመት እናንተ ጋ ይበላል? እባካችሁ ከጀርባው ጻፉልን» ብለሽ ጻፊና አንገቱ ላይ አዙረሽ ጫፍና ጫፉን ብቻ በሙጫ አያይዢ። ዙሪያውን ፕላስተር እንዳትለጥፊበት። የወረቀት ጥቅሙ ቢይዘው መቀደዱ ነው፤ ፕላስተር ከለጠፍሽበት ቀበቶ ሆነ። ክረምት ላይ አይሞከርም፤ ዝናብ በአንድ ሰዓት ገንፎ ያደርገዋል። ድመት ሁለት ሦስት ቤት፣ በየቤቱም ሌላ ስም ሊኖረው ይችላል፤ መልሱ ተጽፎ ሲመጣ ጎረቤት መተዋወቂያም ነው።

ሁለተኛው ሚዛን ነው። 10 ግራም የሚለይ የሕፃን ወይም የማድቤት ሚዛን ላይ ካርቶን አድርጊ፣ ማታ ሲወጣ መዝኚው፣ ጠዋት ገብቶ ውኃ ሳይጠጣ ድገሚ። ምንም ያልበላና ያልጠጣ ድመት በሌሊት ውስጥ ይቀንሳል እንጂ አይጨምርም። 60 ወይም 80 ግራም ጨምሮ ከገባ የሆነ ቦታ ሰሃን ቀርቦለታል፣ ወይም ሁለት ሦስት አይጥ ውጧል። ለአምስት ቀን መዝግቢ፤ የአንድ ቀን ቁጥር አያስተማምንም።

ሦስተኛው ዱቄት ነው። ከየት በኩል እንደሚወጣ ለማወቅ ቀዳዳው አፍ ላይ ጥቁር ፌስታል ዘርግተሽ በወንፊት ስስ ዱቄት ንዢበት፤ ፌስታሉ ጥቁር እስኪመስል ድረስ ስስ ይሁን፣ ከወፈረ ዱካው ይደረመሳል። የድመት ኮቴ ክብ ነው፣ 3 ሴንቲ ሜትር ገደማ፣ አራት ጣት፣ ጥፍር አይታይበትም። የውሻ ጥፍር ይታያል። የኋላ እግሩን የፊቱ በረገጠበት ላይ ስለሚያሳርፍ ባለ ሁለት እግር የሄደ ይመስላል። አመድ የሚነዙ አሉ፤ አታድርጊው። መዳፉን ሲልሰው አፉን ያቃጥለዋል።

መዳፍ

እኔ ስለ ዕቃ ሳይሆን ምን መጠበቅ እንዳለብሽ ልጨምር፤ ካርታውን ከማየትሽ በፊት ማወቁ ይጠቅማል።

አብዛኛው ድመት ሩቅ አይሄድም። በ2020 እ.ኤ.አ. የወጣ ጥናት በስድስት አገሮች 925 የቤት ድመቶችን በጂፒኤስ ተከታትሎ ነበር፤ የሚዞሩበት ቦታ በአማካይ 3.6 ሄክታር ሆነ፣ አብዛኞቹም ጊዜያቸውን ከቤታቸው በ100 ሜትር ውስጥ ያሳልፉ ነበር። 3.6 ሄክታር በክብ ቢሳል ከመሃሉ እስከ ዳሩ 107 ሜትር ነው። ሌሊቱን ሙሉ የጠፋው ድመት ከሦስተኛው ግቢ ማገዶ ክምር ላይ ተቀምጦ ሊሆን ይችላል። ያንቺ ግን ወንድ ነው፣ አልተኮላሸም፤ ያልተኮላሸ ወንድ ከሌሎቹ ይሰፋል። እኛ አገር ደግሞ አንድ ተጨማሪ ምክንያት አለ። ሴት ድመት ወንድ መፈለግ የምትጀምረው ቀኑ ሲረዝም ነው፤ ክረምቱ በሚጨልምበት አገር ለወራት ታርፋለች። እዚህ ቀንና ሌሊት ዓመቱን ሙሉ ከሞላ ጎደል እኩል ለእኩል ስለሆኑ ማረፊያ ወቅት የለም። ስለዚህ ወንዱም በጥር አይል በሐምሌ ዕረፍት የለውም።

በአቴንስ፣ ጆርጂያ (አሜሪካ) 55 ድመቶች አንገታቸው ላይ ትንሽ ካሜራ ታስሮ የተሠራ ሌላ ጥናት በ2013 ታትሟል። ሲያድኑ የታዩት 44 ከመቶ ናቸው። ከያዙት ውስጥ ወደ ቤት ያመጡት ሩብ አይሞላም፤ ግማሽ ያህሉን እዚያው ገድለው ትተውታል። «ድመቴ አይጥ አይዝም» የሚል ሰው የሚናገረው በራፉ ላይ ስለወደቀው ብቻ ነው።

ጣሪያ ላይ ሁለት ድመት ተፋጠው ግማሽ ሰዓት ሲቀመጡ ታያለሽ። ጠብ የሚመስለው አብዛኛው ነገር የወረፋ ጉዳይ ነው። አንዱን የአጥር መንገድ ብዙ ድመት ይጠቀምበታል፣ ግን እያንዳንዱ በራሱ ሰዓት። አንዱ በ2 ሰዓት ያልፋል፣ ሌላው ሽታውን አንብቦ «አሁን አልፏል» ይልና በ4 ሰዓት ይከተላል። ጉንጭና አገጭ ማሻሸት፣ ግንድ መቧጨር፣ ሽንት መርጨት ለዚህ የሚለጠፍ ማስታወቂያ ነው። የመፋጠጡ ጣጣ የሚመጣው ሰዓታቸው ሲጋጭ ነው።

ስለ መብል አንድ ነገር ላንሣ፤ ካርታ ላይ የማይታይ ስለሆነ። ጾም በሚጾም ቤት ድመቱም ሳይጠየቅ ይጾማል። በሁዳዴ 55 ቀን ከማድቤት የሚወጣው ሽሮና ምስር ነው። ድመት ግን ከሥጋ ውጭ የማያገኘው ታውሪን የሚባል ነገር አለ፤ ሲያንሰው ዓይኑም ልቡም ይጎዳል። ወጡ ላይ ያለው ሽንኩርትና ነጭ ሽንኩርት ደግሞ የቀይ ደም ሕዋሱን የሚያፈርስ መርዝ ነው። ብዙ ሥጋ ቤትም ያን ጊዜ ስለሚዘጋ ጎረቤት ያለው ትርፍራፊ አብሮ ይጠፋል። እንግዲህ የቀረው አይጥ ነው፣ አይጥ ያለው ደግሞ እህል ያለበት ነው። አንድ አይጥ 30 ካሎሪ ገደማ ነው፣ 4 ኪሎ ድመት በቀን ከ200 እስከ 250 ይፈልጋል፤ ሰባት ስምንት አይጥ ማለት ነው። ድመትሽ በጾም ወራት አካባቢውን ቢያሰፋ ሒሳቡ ይኸው ነው። ምዝገባሽን ስትጀምሪ ጾም ይሁን ፍስክ ከዳሩ ጻፊ፤ ረቡዕና ዓርብን ለይተሽ ምልክት አድርጊ።

ማኮላሸቱን እመክራለሁ፤ ዙረቱም ድብድቡም ይቀንሳል። ግን በማግስቱ ቤት ይውላል ብለሽ አትጠብቂ። ድመት መንኩሳ አመሏን አትረሳ ይባል የለ፣ ይሄም ከመነኮሰ በኋላ ለሳምንታት በለመደው መንገድ መዞሩን ይቀጥላል። ከሱ በኋላ ምግቡን በሩብ ገደማ ቀንሺለት፤ አለዚያ ይወፍራል።

የድመቱ እህት

በጣም አመሰግናለሁ። መዝጋቢው መጥቶ በተባለው መንገድ ለምዶታል። መስኮት ላይ ለ24 ሰዓት ያስቀመጥኩት የሠራው መንጋ 18 ሜትር ነው። የሦስት ሌሊት ውጤቱ ተመሳሳይ ስለሆነ የአንዱን ልጻፍ፤ ሰዓቱን 3 ቀንሼ፣ ሁለቱን ፋይል ቀጥዬ ነው።

ከምሽቱ 1:05 እስከ 3:35 ከአጥራችን ሳይርቅ፣ በ40 ሜትር ውስጥ። ከ3:40 እስከ ሌሊት 9:10 አራት ነጥብ ብቻ አለ። 9:13 ላይ አንድ ነጥብ 620 ሜትር ርቆ፣ ከዋናው አስፋልት ማዶ ይታያል። 9:16 ላይ ተመልሶ ከቤታችን 50 ሜትር። ከዚያ እስከ 11 ሰዓት ከአንድ ሥጋ ቤት ጀርባ፣ 90 ሜትር ላይ ተቀምጧል። ክብደቱ ጠዋት 70 ግራም ጨምሮ ነው የገባው። አስፋልት ይሻገራል ማለት ነው? ያስፈራኝ እሱ ነው።

ቆርቆሮ ክዳን

አይሻገርም። የ9:13ቱን ነጥብ ሰርዢው።

ለምን እንደሆነ እዪው። በ3 ደቂቃ 620 ሜትር ሄዶ፣ በሚቀጥለው 3 ደቂቃ ቢያንስ 570 ሜትሩን ተመልሷል። በሰዓት ከ11 ኪሎ ሜትር በላይ ነው፣ ያለ ዕረፍት፣ ደርሶ መልስ፣ እዚያ ደርሶ አንዲት ደቂቃ ሳይቆይ። ድመት ለጥቂት ሴኮንድ ከዚያ በላይ ይሮጣል፤ እንዲህ ዓይነት ምልልስ ግን አያደርግም። ዋናው ምስክር ነጥቡ የመጣበት ጊዜ ነው። ለአምስት ሰዓት ተኩል ሳተላይት ያጣ ዕቃ ሰማይ እንዳየ የሚጽፈው የመጀመሪያው ነጥብ ብዙ ጊዜ ግምት ነው። ከእያንዳንዱ ረጅም ክፍተት በኋላ ያለውን አንድ ወይም ሁለት ነጥብ ጣይ። ፋይሉ ላይ የሳተላይት ቁጥር የሚል ዓምድ ካለ ከ5 በታች የሆነውን፣ ኤችዲኦፒ የሚል ካለ (የሳተላይቶቹ አቀማመጥ ለልኬት ምን ያህል እንደማይመች የሚያሳይ ቁጥር ነው) ከ4 በላይ የሆነውን ሰርዢ። የ9:13ቱ በሁለቱም እንደሚወድቅ እገምታለሁ።

ይልቅ ክፍተቱ ነው ዋናው። በየ3 ደቂቃው ከሆነ በአምስት ሰዓት ተኩል 110 ነጥብ መኖር ነበረበት፤ ያለው አራት ነው። ሜዳ ላይ ወይም ጣሪያ ላይ የተቀመጠ ድመት እንዲህ አይጠፋም። ቆርቆሮ ከላዩ አለ ማለት ነው፤ ኮርኒስ ውስጥ፣ መጋዘን ውስጥ ወይም የእህል ጓዳ ውስጥ ነው። የ3:35ቱንና የ9:16ቱን ነጥብ አገናኚ። በ20 ሜትር ውስጥ ከሆኑ የገባውም የወጣውም በአንድ ቀዳዳ ነው፤ ቤቱ ያ ነው። ሦስቱንም ሌሊት እንዲሁ አድርጊ፤ ሦስቱም አንድ ጣሪያ ላይ ከተገናኙ አድራሻውን አገኘሽው።

መዳፍ

ከዚያ ሰዓት ጋር አያይዢው። ከ3:40 እስከ 9:10 ሰው ተኝቶ አይጥ ኮርኒስ ላይ የሚሮጥበት ሰዓት ነው። 70 ግራሙ ከአይጡ ነው ከሥጋ ቤቱ ለማወቅ ግን ሥጋ ቤቱ የሚዘጋበትን ቀን ጠብቂና መዝኚ። ጭማሪው ያው ከሆነ ድመትሽ ሠራተኛ ነው።

አንድ አስቸኳይ ነገር አለ። ያ ቤት አይጥ ካለበት የአይጥ መርዝም ሊኖርበት ይችላል። መርዝ የበላ አይጥ እየተንገዳገደ ስለሚሄድ ድመት መጀመሪያ የሚይዘው እሱን ነው። ደም የሚያቀጥነው መርዝ ወዲያው አያሳይም፤ ከሦስት እስከ ሰባት ቀን ቆይቶ ድዱ ይነጣል፣ ያለ ምክንያት ይደማል፣ ይተነፍስ ዘንድ ይቸገራል። መድኃኒቱ ቫይታሚን ኬ1 ነው፣ ለሳምንታት የሚሰጥ፣ በእንስሳት ሐኪም። ለሰብል የተሠራ ፀረ ተባይ ከሆነ ግን በሰዓታት ውስጥ ምራቁ ይዝረከረካል፣ ይንቀጠቀጣል፣ የዓይኑ ብሌን ይጠባል፤ ያኔ ወተትና ዘይት እያጠጡ ጊዜ ማባከን የለም፣ ተሸክሞ መሮጥ ነው። ቆስሎ ወይም ታሞ ቢገባ ፓራሲታሞል እንዳትሰጪው፤ ለሰው የተሠራች አንዲት ፍሬ ድመት ትገድላለች። የእብድ ውሻ በሽታ ክትባቱን በየዓመቱ አሳድሺለት፤ ሌሊት የሚዋጋ ድመት ነው።

ጎረቤቶቹን መርዝ ያስቀምጡ እንደሆነ ሂጂና ጠይቂ። በሩን ለማንኳኳት ካፈርሽ ወረቀቱ አለልሽ።

የድመቱ እህት

ወረቀቱን ዛሬ ማታ አስርለታለሁ። መርዝ ታስቀምጣላችሁ ወይ የሚለውንም እጨምርበታለሁ። በእስክሪብቶ ልጻፍ?

ወረቀት ይቅደም

በእርሳስ ጻፊ። ጤዛ አንዳንዱን እስክሪብቶ ያፈሰዋል። ጥያቄውንም ሁለት መስመር አታስበልጪው፤ ድመት ይዞ የቆመ ሰው ደብዳቤ አያነብም።